እናቴን ይዤ ሰሜን ዌልስ የዋልኩባት ቀን

እናቴ ከደብረ ብርሃን ወደ ማንችስተር የመጣችው ግንቦት ሊያልቅ ሲል ነው። ለዐሥራ አንድ ዓመት በስልክ ብቻ ስንተያይ ኖረን፣ የስድስት ወር ቪዛ አግኝታ ስትመጣ፣ ሳታየው የሚቀር ነገር እንዳይኖር ብዬ ዕቅድ በዕቅድ ላይ ደራረብኩ። አንዱ በትንሽ መኪና፣ ከአስጎብኚ ጋር፣ ደርሶ መልስ በአንድ ቀን የሚደረግ የሰሜን ዌልስ ጉብኝት ነበር። ግንቦች፣ ተራሮች፣ ወንዞች፣ ሁሉንም በአንድ ቀን። ያ ቀን ግን ተራራ መሀል፣ መንገድ ዳር ተቀምጬ፣ የእናቴን ራስ ጭኔ ላይ አድርጌ "እማዬ! እማዬ!" እያልኩ የጮህኩበት ቀን ሆነ።

እግዚአብሔር ይመስገን ዛሬ ደህና ናት። ይህን የምጽፈው እናት አባታችሁን ወይም አማቶቻችሁን አስመጥታችሁ እንዲህ ያለ ጉዞ ለምታስቡ ነው። ጉዞው ይቅርባችሁ አልልም። ይልቅስ ሂዱ። ግን እኛ የሠራነውን አትሥሩ።

ስሕተቱ የጀመረው ገና ቦታ ስንይዝ ነው። ትንሹን መኪና የመረጥኩት ሰው ስለማይበዛበት ነበር። ዐሥራ ስድስት ወንበር ያለው ሚኒባስ ነው፤ በትልቅ አውቶቡስ ከሃምሳ ሰው ጋር ከመጋፋት ይሻላል ብዬ። እውነትም ይሻላል። ግን ያልገቡኝ ነገሮች ነበሩ። በእንዲህ ያለ ጉዞ አስጎብኚውም ሾፌሩም አንድ ሰው ነው። መኪናው ውስጥ ሽንት ቤት የለም። በየቦታው የሚሰጠው ጊዜ ልክ ነው፤ አንድ ሰው ከዘገየ የሁሉም ቀን ይሸራረፋል፤ አንድ ሰው ከታመመም ሁሉም ይቆማል።

ቅጹ ላይ "ስለ ጤናዎ ወይም ስለ እንቅስቃሴዎ ልናውቀው የሚገባ ነገር ካለ ይጻፉ" የሚል ባዶ ቦታ ነበር። እናቴ ስልሳ ስምንት ዓመቷ ነው። ጉልበቷን ቁርጥማት ይዟታል፤ ለደም ግፊት የምትወስደው ክኒን ሽንት የሚያበዛ ነው። ይህን ሁሉ እያወቅሁ ባዶውን አለፍኩት። "አሮጊት ይዛ መጣች፣ ልታስቸግረን ነው" የሚሉን መሰለኝ። ይሉኝታ ያዘኝ። የዚያን ቀን ጣጣ ሁሉ ከዚህች ባዶ መስመር የተመዘዘ ነው። ከኔ ብሶ እናቴ ደግሞ የባሰ ይሉኝታ ነበራት፤ እኔ የማላውቀው።

የሄድነው በሰኔ ጾም ነው። እኔ ጾሙን ትንሽ ላላ አደርገዋለሁ፤ እሷ ግን እስከ ዘጠኝ ሰዓት እህል ውሃ አትቀምስም። ጠዋት ክኒኗን ፊቷ ቆሜ በአንድ ጉንጭ ውሃ አስዋጥኳት። ከዚያ በኋላ ምንም እንደማትጠጣ አላሰብኩም። ለካ ከማታው ጀምሮ ውሃ ትታለች፤ አንድም ስለ ጾሙ፣ አንድም "መንገድ ላይ ሽንቴ መጥቶ ሰው እንዳላስቸግር" ብላ። ይህን የነገረችኝ ከሁለት ቀን በኋላ ነው።

መነሻው ከጠዋቱ ሁለት ሰዓት ተኩል ነበር። እኛ የደረስነው አምስት ደቂቃ ሲቀረው ስለሆነ የቀረን የመጨረሻው የኋላ ወንበር ብቻ ነበር፣ ልክ ከጎማው በላይ። ምክሬ ቢጠቅማችሁ፣ ግማሽ ሰዓት ቀድማችሁ ድረሱና ከፊት ተቀመጡ። ጠመዝማዛ መንገድ ላይ የፊት ወንበርና የኋላ ወንበር ሁለት የተለያዩ መኪናዎች ናቸው።

የመጀመሪያው ማረፊያችን ኮንዊ ናት፣ ባሕር ዳር ያለች፣ በግንብ አጥር የተከበበች ትንሽ ከተማ። ግንቡን ያሠራው የእንግሊዙ ንጉሥ ቀዳማዊ ኤድዋርድ ነው፤ ዌልስን ድል አድርጎ ሲይዝ በፈረንጆቹ አቆጣጠር በ1283 ተጀምሮ በአራት ዓመት ውስጥ አለቀ። ስምንት ትልልቅ ክብ ማማዎች አሉት። የከተማዋ አጥር ደግሞ ከአንድ ኪሎ ሜትር በላይ ይረዝማል፤ አብዛኛው ዛሬም ቆሟል። ከመኪናው ወርዳችሁ ቀና ስትሉ ትንፋሽ ይቆማል፤ ይህን አልክድም። የመግቢያው ክፍያ ለየብቻ ነበር። ከስልሳ አምስት ዓመት በላይ ለሆኑ ቅናሽ ስላለ ስትገዙ ጠይቁ።

እዚያ የሠራሁት ጥፋት ይህ ነው፦ እናቴን ማማ ላይ ላወጣት ሞከርኩ። ባሕሩንና ተራራውን ከላይ ሆና እንድታይ ፎቶዋንም ላነሳት ጓጉቼ ነበር። ደረጃው ጠባብና ጠመዝማዛ ነው፤ ድንጋዩ መሀሉ ተበልቶ ጎድጉዷል፤ ጠዋት ዘንቦ ስለነበር ያዳልጣል። እናቴ አንድ እጇን ግድግዳው ላይ፣ አንድ እጇን ትከሻዬ ላይ አድርጋ ትወጣለች። ከላይ ሰዎች እየወረዱ መጡ። ለማሳለፍ ግድግዳው ላይ ተለጠፍን። ያን ጊዜ ጉልበቷ ያዛት። ወደ ላይም ወደ ታችም አልሆነላትም። "ደህና ነኝ፣ አንቺ ሂጂና እይ" ትለኛለች፣ ከንፈሯ ግን ይንቀጠቀጣል። በመጨረሻ ነጠላዋን ወገቧ ላይ አስራ፣ ቁጭ እያለች አንድ አንድ ደረጃ ወረደች። እኔ ከፊቷ ሆኜ፣ ብትንሸራተት ልይዛት፣ እግሯን እየያዝኩ።

መኪናው ጋ የደረስነው ዐሥራ ሁለት ደቂቃ ዘግይተን ነው። አስጎብኚያችን ጸጉሩ የሸበተ፣ ድምፁ ለስለስ ያለ የዌልስ ሰው ነበር፤ ምንም አላለንም። መኪናው ሲንቀሳቀስ ግን ያወራው ታሪክ እስከ ዛሬ ይቆጨኛል። ግንቡ ያለበት ቦታ ላይ ቀድሞ ገዳም ነበር አለ። ታላቁ ልዌሊን የሚሉት የዌልስ መስፍን የተቀበረው እዚያ ነበር። ኤድዋርድ መነኮሳቱን አስነስቶ ወደ ሌላ ቦታ ላካቸው፤ የገዳሙ ቤተ ክርስቲያን ግን የከተማዋ ደብር ሆኖ ቀረ፤ ቅድስት ማርያም ይባላል፣ ከግንቡ ጥቂት ደቂቃ በእግር ነው። ስተረጉምላት እናቴ ወደኔ ዞራ "ማርያም እያለችልን ነው እንዴ ግንብ ስንወጣ የዋልነው?" አለችኝ። እውነቷን ነው። እዚያ ባስቀምጣት ኖሮ በሯን ተሳልማ፣ ጸሎቷን አድርሳ፣ አርፋ ትጠብቀኝ ነበር። ለወላጆቻችሁ ቦታ ስትመርጡ እናንተ ማየት የምትፈልጉትን ሳይሆን እነሱ ደስ የሚላቸውን አስቡ። ሁሌም ደረጃ የሌለው ሌላ አማራጭ አለ፤ መጠየቅ ብቻ ነው።

ምሳ የተበላው ቤተስ-ኧ-ኮይድ በምትባል በጫካ የተከበበች መንደር ነው። "ቤተስ" የጸሎት ቤት ማለት ነው ብሎ አስጎብኚው ሲነግረን እናቴ "ቤተ ጸሎት! የኛ ነው እንዴ?" ብላ ደስ አላት። መመሳሰሉ የአጋጣሚ ነው፤ እሷ ግን ከዚያ በኋላ አገሩን ወደደችው። ሁሉም ምግብ ቤት ገባ። እኔም ሾርባ አዘዝኩ። እሷ ወንዙ ዳር አግዳሚ ላይ ተቀምጣ ውሃው ድንጋይ ላይ ሲፈስ ታያለች። አስጎብኚው መጥቶ "እናትሽ አልበሉም፣ ደህና ናቸው?" አለኝ። "ደህና ናት፣ አልራባትም" ብዬ መለስኩለት። ጾም ላይ ናት ለማለት አፈርኩ፤ ማብራራቱ ሊረዝምብኝ ነው ብዬ። እዚህ ላይ ነበር መናገር የነበረብኝ።

ምግብን በተመለከተ፣ በዚያ አካባቢ የጾም ነገር አገኛለሁ ብላችሁ አትተማመኑ። ካውል የሚሉት የታወቀው ሾርባቸው ብዙ ጊዜ የበግ ሥጋ አለው፤ ትንንሾቹ ጣፋጭ ቂጣዎቻቸው ቅቤና እንቁላል ይገባባቸዋል፤ ድንች ጥብስ እንኳ አንዳንድ ቤት በከብት ስብ ይጠበሳል። ዳቦ ቆሎ፣ ቆሎ፣ ተምር፣ በሽሮ የተጠቀለለ እንጀራ ከቤት ያዙ። ከቻላችሁ ደግሞ ጭራሽ ጾም በሌለበት ወቅት ሂዱ።

ከቤተስ-ኧ-ኮይድ በኋላ መንገዱ ወደ ኤሪሪ ተራሮች ይወጣል። ጉም ወርዷል፤ የድንጋይ ካብ በየሜዳው ተዘርግቷል፤ በጎች መንገድ ዳር ይግጣሉ። እናቴ መስኮቱን እያየች "ጣርማበርን መሰለኝ" አለች። የመጨረሻ የተናገረችው እሱን ነው። በስተግራ ኧር ዊዝቫ አለ፤ የዌልስ ትልቁ ተራራ፣ 1085 ሜትር። እንግሊዞች ስኖውደን የሚሉት ነው። አስጎብኚው እያሳየን ሳለ መኪናው የላንቤሪስን ቁልቁለት ጀመረ። ጠባብ ነው፣ ይጠማዘዛል፣ ግራ ቀኙ ገደልና ቋጥኝ ነው። ዞር ብዬ ሳያት ፊቷ አመድ መስሏል፤ ግንባሯ ላይ ላብ ችፍ ብሏል። "እማዬ፣ አመመሽ?" ስላት ራሷን በአሉታ ነቀነቀች። ወዲያው ራሷ ደረቴ ላይ ወደቀ።

ጮህኩ። በአማርኛ ነው የጮህኩት፤ ግን ሁሉም ገባው። አስጎብኚው የመጀመሪያዋ መቆሚያ ላይ ጥግ ያዘ። አውርደን ጃኬቶች ላይ አስተኛናት፤ እግሯን ቦርሳ ላይ ከፍ አደረገ። በአንድ ደቂቃ ውስጥ ዓይኗን ገለጠች። ከዚያ ጠየቀኝ፦ መቼ በሉ? ምን መድኃኒት ይወስዳሉ? የክኒኑን ስም ማስታወስ አልቻልኩም። ስልኬ ኔትወርክ የለውም። ተራራው መሀል ብዙ ቦታ ላይ አይሠራም። እባካችሁ የወላጆቻችሁን የመድኃኒት ካርቶን ፎቶ አንስታችሁ ስልካችሁ ላይ አስቀምጡ፤ በወረቀትም ጽፋችሁ ኪሳቸው ውስጥ ክተቱ።

ያኔ ጾም ላይ መሆኗን ነገርኩት። ውሃና የብርቱካን ጭማቂ አመጣ። እናቴ ጸሐይዋን ፈለገች፣ በጉሙ ውስጥ። "ስንት ሰዓት ነው?" አለችኝ። ገና ሰባት ሰዓት ተኩል ነበር። አፏን ገጠመች። "እማዬ፣ ታመሻል እኮ፣ ለታመመ ሰው ጾም የለበትም" ብላት አልሰማችኝም። አስጎብኚው የምንባባለው አልገባውም፤ ግን እርጥቡ ሣር ላይ ተንበረከከና ብርጭቆውን በሁለት እጁ ይዞ ዝም ብሎ ጠበቃት። ዝናቡ ጀርባው ላይ ይወርዳል። እናቴ ትንሽ አየችውና "ዕድሜ ይስጥህ ልጄ" ብላ ጠጣች። ሰው ተንበርክኮ ሲለምናት እምቢ ማለት አልቻለችም።

እዚህ ላይ አንድ ጥፋት ደግሞ አለ፣ ትልቁ። አስጎብኚው ወደ ድንገተኛ እርዳታ ቁጥሩ 999 ልደውል ብሎኝ ነበር፤ የሱ ስልክ ትንሽ ይይዝ ነበር። እኔ ከለከልኩት። ጎብኚ ስለሆነች ሺህ ፓውንድ ይጠይቁናል ብዬ ፈራሁ። የማላውቀውን ፈርቼ በእናቴ ነፍስ ቀለድኩ። በኋላ እንደተረዳሁት ድንገተኛ ክፍል ውስጥ የሚሰጥ ሕክምና ለጎብኚም ቢሆን በነፃ ነው፤ የሚያስከፍለው ተኝቶ መታከም ሲመጣ ነው። ለዚያም ሲባል ነው ወላጅ ከአገር ቤት ሲመጣ የጉዞ ኢንሹራንስ መግዛት ያለብን። ሰው ራሱን ከሳተ ደውሉ፤ ሒሳቡን ቆይታችሁ ታስባላችሁ።

ከፊት የነበሩት ባልና ሚስት ወንበራቸውን ለቀቁልን። ለተሳፋሪዎቹ ቆሜ ይቅርታ ጠየቅሁ፣ የሆነውንም አንድ በአንድ ነገርኳቸው። አንዱ ሰዓቱን ያይ ነበር፤ ከሰማ በኋላ ቸኮሌት አውጥቶ ሰጠን። እናቴ ተቀብላ ለኔ አቀበለችኝ።

ካርናርቮን ስንደርስ አስጎብኚው ሌሎቹን ወደ ግንቡ መርቶ፣ እኛን ፋርማሲ ወሰደን። ባለሙያዋ ግፊቷን ለክታ ዝቅ ማለቱን ነገረችን፤ ቀስ እያለች እንድትጠጣ፣ በነጋታው ሐኪም እንድታይ አጥብቃ አዘዘች። ከዚያ ወደቡ ዳር አግዳሚ ላይ ተቀመጥን። ዘጠኝ ሰዓት ሲሆን ዳቦዋን ቆርሳ በላች፤ ቀለሟም ተመለሰ።

አጠገባችን ሁለት አሮጊቶች ያወራሉ። እናቴ ጆሮዋን ጣል አድርጋ ቆየችና "ይሄ እንግሊዝኛ አይደለም" አለች። አይደለም። ካርናርቮን ውስጥ አብዛኛው ሰው አፉን የፈታው በዌልስ ቋንቋ ነው፤ ገበያውም ትምህርት ቤቱም በሱ ነው። አስጎብኚው ተመልሶ ከጎኗ ተቀመጠና፣ እኔ እያስተረጎምኩ፣ ቋንቋቸው እንዴት እንደተረፈ አጫወታት። በ1588 ዊልያም ሞርጋን የሚባል ካህን መጽሐፍ ቅዱስን ሙሉውን ወደ ዌልስ ቋንቋ ተርጉሞ ባያሳትም ኖሮ ዛሬ ሌላ ታሪክ ይሆን ነበር አለ። የተወለደው ምሳ ከበላንበት ብዙ በማይርቅ ሸለቆ ውስጥ ነው። ከዚያ ስለ ሜሪ ጆንስ ነገራት። የዐሥራ አምስት ዓመት ደሃ ልጅ ነበረች፤ ሳንቲም ለዓመታት አጠራቅማ፣ በ1800 መጽሐፍ ቅዱስ ለመግዛት በተራራው ውስጥ ከ40 ኪሎ ሜትር በላይ በእግሯ ባላ ወደምትባል ከተማ ሄደች። በባዶ እግሯ ይባላል።

"በባዶ እግሯ?" አለች እናቴ። እሷም ልጅ ሳለች እንዲሁ ጻድቃኔ ማርያም ድረስ በእግሯ ሄዳለች። ከዚያ በኋላ ድካሟ ሁሉ የጠፋ መሰለ። የካርናርቮን ግንብ መግቢያ ላይ ሊፍት እንዳለ አስጎብኚው ነገረንና ወሰደን። ኮንዊ ላይ በሥቃይ ያልደረሰችበትን ከፍታ፣ እዚህ ቆማ ደርሳ ባሕሩን አየች።

ማታ ቤት ገብተን ስለ ልጅቷ ሳነብ ያገኘሁት ነገር አስደነገጠኝ። የሷ ታሪክ መነሻ ሆኖ በ1804 ለንደን ውስጥ የተቋቋመው የመጽሐፍ ቅዱስ ማኅበር፣ አቡ ሩሚ ወደ አማርኛ የተረጎመውን መጽሐፍ ቅዱስ ገዝቶ በ1840 ሙሉውን ያሳተመው ያው ማኅበር ነው። ለእናቴ ሁለት ጊዜ አነበብኩላት። ሦስተኛ ጊዜ አንብቢልኝ አለች።

በነጋታው ሐኪም አየቻት። ጎብኚ ቢሆኑም ጊዜያዊ ሆነው ተመዝግበው የሠፈር ሐኪም ማየት ይቻላል፤ ብዙዎቻችን አናውቅም። ሽንት የሚያበዛ ክኒን ወስዶ፣ ውሃ ሳይጠጡ፣ ባዶ ሆድ፣ በሚጠማዘዝ መንገድ መጓዝ ምን እንደሚያደርግ አስረዳችን። የክኒኑን ሰዓት ለእናቴ በሚስማማ መልክ አስተካከለችልን። እናንተ ሐኪማችሁን ሳትጠይቁ ሰዓቱን እንዳትነኩት፤ ጾሙን ደግሞ ከጉዞው በፊት ከነፍስ አባታቸው ጋር ይነጋገሩበት። እናቴ በስልክ አነጋገረቻቸው፤ ተቆጧት።

ጾሙ ተፈትቶ፣ ፍልሰታ ሳይገባ፣ ሐምሌ ላይ በአንድ ቅዳሜ ሌላ ጉብኝት ያዝኩ፤ ወደ ላንጎሌንና ወደ ባላ። በዚህኛው ቅጽ ላይ እንዲህ ብዬ ጻፍኩ፦ "እናቴ 68 ዓመቷ ነው። ደረጃ መውጣት አትችልም፣ መኪና ያዞራታል፣ የደም ግፊት መድኃኒት ስለምትወስድ በየሰዓቱ ሽንት ቤት ያስፈልጋታል። የፊት ወንበር እንዲያዝልን እለምናለሁ።" እንዳለ ገልብጣችሁ ብትጠቀሙበት ደስ ይለኛል። በማግሥቱ ደወሉልኝ፣ አመሰገኑኝም። የት የት እንደሚቆሙ፣ የትኛው ቦታ ላይ ከመኪናው ስንት እርምጃ እንደሚያስኬድ ነገሩኝ። ኮፍያ ያለው የዝናብ ጃኬትም ያዝን፤ ጃንጥላ እዚያ ንፋስ ውስጥ አይረባም።

ፖንትከሱልቴ የሚባለው የውሃ ድልድይ ላይ፣ ወንዝ በ38 ሜትር ከፍታ አቋርጦ ጀልባ የሚያሳልፈው፣ እኔ ብቻዬን ሄድኩ። እሷ ቁጭ ብላ ጀልባዎቹን ስትቆጥር አገኘኋት። ባላ ስንደርስ ለልጅቷ መጽሐፉን የሰጣት የቶማስ ቻርልስ ሐውልት ፊት ቆመች። ራሷን ዝቅ አድርጋ ሰላም አለችው። ልጅቷ በየት በኩል እንደመጣች እንድጠይቅላት ነገረችኝ፤ አስጎብኚዋ በእጇ ተራሮቹን አሳየቻት። እናቴ ለረጅም ጊዜ ወደዚያ አየች። ከዚያ ኮዳዋን ከቦርሳዋ አውጥታ፣ ማንም ሳይነግራት ጠጣች፣ ክዳኑንም ገጠመች።

"ሽንት ቤቱ በየት በኩል እንደሆነ ጠይቂልኝ" አለችኝ።